ከመቶ ስንት? የማን መቶ?

አምቦ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ 115 ኪሎ ሜትር ግድም ርቃ የምትገኝ ከተማ ናት፤ ለብዙ ሰው ግን መጀመሪያ ጠርሙስ ናት። ከተማዋን ረግጦ የማያውቅ እንኳ «አንድ አምቦ አምጪልኝ» ብሎ ያውቃል። ድሮ ሀገረ ሕይወት ትባል የነበረችው የዚህች ከተማ ውሃ ከእ.ኤ.አ. 1930 ጀምሮ እየታሸገ ይሸጣል። ጠርሙሱ ላይ የሚለጠፈው ወረቀት ደግሞ ከስሙ በታች ካልሲየም፣ ማግኒዚየም፣ ሶዲየም፣ ፖታሲየም፣ ባይካርቦኔት እያለ የሚዘረዝር ትንሽ ሠንጠረዥ ይዟል። ብዙ ኢትዮጵያዊ በሕይወቱ ያየው የመጀመሪያው የንጥረ ነገር ሠንጠረዥ ይህ ሳይሆን አይቀርም። አይቶታል እንጂ አላነበበውም። ክትፎ የከበደው ሰው አምቦ ያዛል፤ ባይካርቦኔቱን ማን ይቆጥራል?

ማንበብ የፈለገ ሰው ግን አንድ ነገር ብቻ ቢያውቅ ይበቃዋል፤ ውሃ ላይ የሚጻፈው ቁጥር ለአንድ ሊትር ነው። ለምሳሌ በሊትር 100 ሚሊ ግራም ካልሲየም ያለው ማንኛውም የማዕድን ውሃ በግማሽ ሊትር ጠርሙስ ሲቀርብ የሚሰጠው 50 ሚሊ ግራም ነው። ለአዋቂ በቀን 1000 ሚሊ ግራም ካልሲየም ይመከራልና ይህ አምስት በመቶ መሆኑ ነው። ጨው ቀንስ የተባለ የደም ግፊት ታማሚም ከጠርሙሱ ላይ ሶዲየሙን ይፈልግ። በአውሮፓ ሕግ አንድ የማዕድን ውሃ «ሶዲየም ለሚቆጥቡ ይስማማል» ተብሎ እንዲጻፍበት በሊትር ከ20 ሚሊ ግራም በታች መያዝ አለበት። ከመሬት እሳት ጋር ተጎራብተው የሚፈልቁ ውሃዎች ከዚህ በብዙ እጥፍ ሊበልጡ ይችላሉ። ጤነኛ ሰው በዚህ አይጨነቅ፤ ከወጡ የሚያገኘው ጨው ከጠርሙሱ ጋር አይወዳደርም።

ከአምቦ ወደ ጉደር፣ ወደ ጊንጪ፣ ወደ ጌዶ፣ ወደ ባኮ ሱቆች ስንወርድ ግን ነገሩ ይወሳሰባል። መደርደሪያው ላይ ብስኩት፣ ፓስታ፣ የዱቄት ወተት፣ የታሸገ ጁስ፣ ዘይት፣ የሕፃን ምግብ ተደርድሯል። ገዢ ዕቃውን ገልብጦ የሚያየው አንድ ነገር ፍለጋ ነው፤ ጊዜው አልፎበት እንደሆነ። «ኤክስፓየር አድርጓል እንዴ?» ይላል፤ ባለሱቁ «ኧረ ገና ነው ጋሼ» ይላል፤ ንባቡ እዚያ ያበቃል። አልፈርድበትም። ጀርባው ላይ ያለው ሠንጠረዥ በአብዛኛው በእንግሊዝኛ፣ አንዳንዴ በዐረብኛ ወይም በቱርክኛ፣ ከጉንዳን በማይበልጥ ፊደል የተጻፈ ነው። እነዚህ ከተሞች ያሉበት የምዕራብ ሸዋ ዞን ሰው ቤቱ የሚነጋገረው በአፋን ኦሮሞ፣ ገበያ ሲወጣ በአፋን ኦሮሞና በአማርኛ ነው። የሕፃን ምግብ የምትገዛ እናት «ይሄ ልጅ ያፋፋል?» ብላ ባለሱቁን ትጠይቃለች። ባለሱቁም በሙሉ ልብ ይመልስላታል።

ሠንጠረዡን የጀመረ ሰው መጀመሪያ የሚሰናከለው «በስንት?» ላይ ነው። አንዱ ፋብሪካ በ100 ግራም ይጽፋል፤ ሌላው «ለአንድ ጊዜ የሚበላ» ብሎ በ25 ግራም። ሁለቱን ብስኩቶች ጎን ለጎን ይዞ «ይሄኛው ስኳሩ ያንሳል» ብሎ የሚመርጥ ሰው አራት እጥፍ ሊሳሳት ይችላል። ለስላሳ መጠጥ ጥሩ መለማመጃ ነው። ተራው ጣፋጭ ለስላሳ በ100 ሚሊ ሊትር ከ10 እስከ 11 ግራም ስኳር አለው። ቁጥሩ ትንሽ ይመስላል። 300 ሚሊ ሊትሩ ጠርሙስ ግን ከ30 ግራም በላይ ይሆናል፤ በሻይ ማንኪያ ሲለካ ስምንት ገደማ። ሻይ ላይ ስምንት ማንኪያ ስኳር የሚጨምር እንግዳ ቢመጣ ጎረቤት ሁሉ ያወራለታል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጣው መመሪያ የተጨመረ ስኳር ከቀኑ ኃይል ከ10 በመቶ እንዳይበልጥ፣ ቢቻል ከ5 በመቶ በታች እንዲሆን መክሯል። 2000 ካሎሪ ለሚበላ ሰው ይህ 50 እና 25 ግራም ማለት ነው።

የጨውም ሒሳብ ቀላል ነው፤ የተጻፈው ሶዲየም ከሆነ በሁለት ተኩል ማባዛት። አንድ ግራም ሶዲየም ሁለት ግራም ተኩል ጨው ነው፤ የቀኑ ወሰን ደግሞ አምስት ግራም ጨው፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ያህል። ቁጥር የሚሰለቸው ሰው የይዘቱን ዝርዝር ቢያነብ ይሻለዋል፤ ዝርዝሩ የሚጻፈው በክብደት ቅደም ተከተል ነውና። የወጥ ማጣፈጫ ኩብ ላይ መጀመሪያ የሰፈረው ጨው ከሆነ የገዛነው በዋነኛነት ጨው ነው። «የፍራፍሬ ጁስ» ላይ ውሃና ስኳር ከፍራፍሬው ቀድመው ከተጻፉም እንደዚያው።

ዘይት ላይ ደግሞ «ኮሌስትሮል የለውም» የሚል ደማቅ ጽሑፍ አለ። እውነት ነው፤ ግን ኮሌስትሮል የሚገኘው ከእንስሳት በሚመጣ ምግብ ውስጥ ብቻ ስለሆነ ማንኛውም የአትክልት ዘይት የለውም። «አጥንት የሌለው ጎመን» ብሎ እንደ መሸጥ ነው። መታየት ያለበት የረጋ ስብ ወይም ሳቹሬትድ ፋት የሚለው መስመር ነው። የፓልም ዘይት ግማሽ ያህሉ ይኼው ነው፤ ብርድ ሲነካው የሚረጋውም ለዚህ ነው። ሱፍ ከዘጠኝ አንድ ያህል ቢይዝ ነው። የአገራችን ተወላጅ የሆነው ኑግም በዚህ በኩል ከሱፉ ጋር ይመደባል። ምዕራብ ሸዋ ኑግ የሚዘራበት አገር ነው፤ ታዲያ በየከተማው በትንሽ መጭመቂያ የሚወጣው የኑግ ዘይት በጄሪካን ሲሸጥ ምንም አልተጻፈበትም፤ ደማቅ ጽሑፍ ያለው ከውጭ የመጣው ዘይት ላይ ነው።

እስካሁን ያየነው ሒሳብ ነው፤ ማንም ተምሮ ይደርስበታል። ዋናው ጥያቄ ከሠንጠረዡ ቀኝ ዳር ያለው «ከመቶ» ነው። ብስኩቱ «የቀኑን ብረት 25 በመቶ ይሰጣል» ሲል፣ የማን ቀን ነው? የማን መቶ?

ይህ መቶ የተወለደው በጦርነት ጊዜ ነው። እ.ኤ.አ. በ1941 አሜሪካ ወደ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለመግባት ስትዘጋጅ፣ ሕዝቧና ወታደሯ በቀን ምን ያህል ንጥረ ምግብ እንደሚያስፈልገው ለመወሰን የብሔራዊ ጥናት ምክር ቤቷ የመጀመሪያውን የተመከረ መጠን አወጣ። የዛሬው አሠራር እንዲህ ነው። የሰዎች ፍላጎት ይለያያል፤ ስለዚህ አማካዩን ወስደው ከ100 ጤነኞች 97 ወይም 98 የሚሆኑትን እስኪሸፍን ድረስ ከፍ ያደርጉታል። እንግዲህ ከተመከረው 80 በመቶ ያገኘ ሰው የግድ ጎደለበት ማለት አይደለም። «ዕለታዊ» ቢባልም በየዕለቱ መሙላት አለበት ማለት አይደለም፤ የብዙ ቀናት አማካይ ነው። በአሜሪካ የመለያ ሕጉ እ.ኤ.አ. በ1990 ወጥቶ ሠንጠረዡ በ1994 በየዕቃው ላይ ግዴታ ሲሆን፣ ከመቶው በ2000 ካሎሪ ላይ ተሰላ። ኮዴክስ የሚባለው የዓለም የምግብ ደረጃዎች ጉባኤም በ1985 የመለያ መመሪያ አውጥቶ የራሱን የማጣቀሻ መጠኖች እያሻሻለ መጥቷል። ሱቆቻችን ውስጥ ያለው ዕቃ በአብዛኛው ከእነዚህ ወይም ከመሰሎቻቸው በአንዱ ይሰላል።

አሁን ብረትን እንውሰድ፤ ነገሩ ሁሉ የሚፈታው እዚህ ነው። የአሜሪካው መቶ 18 ሚሊ ግራም ብረት ነው። ኮዴክስ ሁለት መቶዎች አሉት፤ ከሚበላው ብረት 15 በመቶው ለሚሰርገው ሰው 14 ሚሊ ግራም፣ 10 በመቶው ብቻ ለሚሰርገው 22። ሥጋ ዘወትር የሚበላ ብረቱን በደንብ ይስባል፤ እህልና ጥራጥሬ የሚበላ ግን በእህሉ ቅርፊት ውስጥ ያለው ፋይቴት ብረቱን ይዞ ያስቀርበታል። የዓለም ጤና ድርጅትና የተባበሩት መንግሥታት የምግብና እርሻ ድርጅት (ፋኦ) እ.ኤ.አ. በ2004 ያወጡት ሠንጠረዥ ይህን ይበልጥ ይገልጠዋል። የወር አበባ የምታይ ሴት 15 በመቶ የሚሰርግ ምግብ ከበላች በቀን 19.6 ሚሊ ግራም ይበቃታል፤ 10 በመቶ ከሆነ 29.4፣ 5 በመቶ ብቻ ከሆነ 58.8 ያስፈልጋታል። ወንዱ ደግሞ በዚያው ቅደም ተከተል 9.1፣ 13.7 እና 27.4።

ስለዚህ በ14 ተሰልቶ «25 በመቶ» የሚለው ብስኩት የያዘው 3.5 ሚሊ ግራም ብረት ነው። በየቀኑ እንጀራ በሽሮ ለምትበላ የጊንጪ ሴት፣ በ29.4 ሲሰላ፣ 12 በመቶ ነው። ፋብሪካው አልዋሸም። መቶው ግን የሷ አይደለም።

የጤፍ ነገር ደግሞ ሌላ ታሪክ ነው። ጤፍ ብረት ሞልቶበታል ሲባል ሁላችንም ሰምተናል፤ ዛሬ በውጭ አገር ጤፍ በውድ የሚሸጠውም በዚሁ ስም ነው። ስዊድናዊው ሐኪም ይንግቬ ሆፍቫንደር እ.ኤ.አ. በ1968 ባሳተመው ጥናት የኢትዮጵያውያን የብረት አወሳሰድ እጅግ ከፍተኛ መሆኑን አሳይቶ ነበር። በ1980 ደግሞ የአገር ውስጥ ተመራማሪዎች ያን ብረት መልሰው ሲመረምሩት ብዙው ከጤፉ ሳይሆን ከአፈሩ የመጣ ሆኖ ተገኘ። ጤፍ አውድማ ላይ ተነጥፎ በበሬ ኮቴ ሲበራይ፣ ያች ከሰናፍጭ የምታንስ ፍሬ አፈሩን ይዛ ትገባለች። ጤፉ በደንብ ሲታጠብ ብረቱ በብዙ ቀነሰ። የቀረው አሁንም ትንሽ አይደለም፤ ነገር ግን የአፈር ብረት ለሰውነት የሚሰጠው እምብዛም ነው። ስለዚህ «በ100 ግራም ይህን ያህል ብረት» የሚል ጽሑፍ የጤፍ ዱቄት ላይ ባየሁ ቁጥር የማስበው ስለ አውድማው ነው። በእ.ኤ.አ. 2016ቱ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ከ15 እስከ 49 ዓመት ካሉት ሴቶች 24 በመቶ የደም ማነስ ነበረባቸው፤ ከ6 ወር እስከ 5 ዓመት ካሉት ሕፃናት ደግሞ ከግማሽ በላይ። ምክንያቱ ብረት ብቻ አይደለም፤ ወባም፣ ትላትልም አለበት። ቢሆንም ወረቀት ላይ ብረት የተረፈው አገር ይህ ነው።

ወረቀቱ የማይነግረንን እናቶቻችን ሳያውቁት ይሠሩታል። ሊጡን ሁለት ሦስት ቀን በእርሾ ማቡካት ፋይቴቱን ይቀንሳል። ሽሮው ላይ ቃሪያ መሰንጠቅ፣ ጎመኑ ላይ ሎሚ መጭመቅ በቫይታሚን ሲ አማካኝነት የብረቱን መስረግ ያግዛል። በአንጻሩ ምግብ ላይ ሻይ ወይም ቡና ማስከተል ይጎዳል፤ ቢያንስ አንድ ሰዓት ማዘግየት ይሻላል። የቡናውን ምክር በምዕራብ ሸዋ የሚቀበል ቤት እንዳለ እጠራጠራለሁ፤ መናገሩ ግን የእኔ ድርሻ ነው።

ብረት ብቻ ቢሆን እናልፈው ነበር። ፕሮቲንም እንደዚሁ ነው፤ የዚህ ምስክር ደግሞ ከዚሁ ዞን ነው። ባኮ የአገሪቱ የበቆሎ ምርምር ማዕከል ናት። በቆሎ በ100 ግራም 9 ግራም ያህል ፕሮቲን አለው፤ ሠንጠረዥ ላይ ሲታይ አያሳፍርም። ችግሩ ላይሲንና ትሪፕቶፋን የሚባሉት ሁለት የፕሮቲን ክፍሎች ስለሚያንሱት ሰውነት ሙሉውን መጠቀም አይችልም፤ በቆሎ ብቻ የሚበላ ሕፃን ሆዱ ሞልቶ ይከሳል። እ.ኤ.አ. በ1964 አሜሪካውያን ሳይንቲስቶች እነዚህን ሁለቱን የሚያበዛ የበቆሎ ዘር ለዩ፤ ፍሬው ግን ለስላሳና ለነቀዝ የተጋለጠ ነበር። ሜክሲኮ ላይ ሱሪንደር ቫሳልና ኢቫንጄሊና ቪዬጋስ ዓመታት ደክመው ጠንካራ ፍሬ ያለው አድርገው አወጡት፤ በ2000 የዓለም የምግብ ሽልማት ተሰጣቸው። በ2001 ከባኮ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ጥራት ያለው ፕሮቲን በቆሎ ዝርያ ወጣ፤ በ2011 ለደጋው የሚሆን ዝርያ ከአምቦ ተከተለ።

አሁን ሁለቱ በቆሎዎች ተፈጭተው፣ ታሽገው፣ ተለጥፎባቸው ሱቅ ቢገቡ ሠንጠረዡ ላይ ልዩነት አይታይም። ሁለቱም «ፕሮቲን 9 ግራም» ይላሉ፤ የአንደኛው ላይሲንና ትሪፕቶፋን ከሌላኛው እጥፍ ገደማ መሆኑ የሚጻፍበት ቦታ የለም። የአርባ ዓመት የሳይንስ ሥራ በአንድ መስመር ውስጥ ተዋጠ ማለት ነው። ዘሩን ያላገኘ ገበሬ ግን አይዘን፤ ከበቆሎ የጎደለው ላይሲን ባቄላና አተር ውስጥ ሞልቷል፣ ከባቄላ የሚጎድለው ደግሞ እህል ውስጥ። እንጀራ በሽሮ መብላት የድሃ ምግብ ተብሎ ቢናቅም በፕሮቲን ሒሳብ የተሟላ ጋብቻ ነው። 60 ኪሎ የሚመዝን አዋቂ በቀን 50 ግራም ፕሮቲን ይበቃዋል።

የጾሙን ነገር በአጭሩ ላንሳ። ቫይታሚን ቢ12 በተፈጥሮ የሚገኘው ከእንስሳት ምግብ ነው፤ ለአዋቂ በቀን 2.4 ማይክሮ ግራም ይመከራል። ዓመቱን ግማሽ ያህል የሚጾም ምእመን ታዲያ ይጎድልበታል? ጤነኛ ጉበት ለዓመታት የሚበቃ ስለሚያከማች በፍስክ ወተትና እንቁላል የሚያገኝ ሰው አይፈራ። መጠንቀቅ ያለባት በጾሙም በፍስኩም ወተት የማታይ ነፍሰ ጡር ናት።

አንድ መለያ ግን አገር ሲለውጥ አይተናል፤ ጨው ላይ ያለው «አዮዲን» የሚለው ቃል። እስከ እ.ኤ.አ. 1998ቱ የኤርትራ ጦርነት ድረስ ጨዋችን በአብዛኛው ከአሰብና ከምጽዋ ነበር። ያ መንገድ ሲዘጋ አፋር፣ አፍዴራ ላይ የሚመረተው ጨው ቦታውን ያዘ፤ አዮዲን ሳይነካው በጆንያ ወደ መሐል አገር ይጓዝ ነበር። አዮዲን የታጠበባቸው ደጋማ አገሮች ዋጋውን ከፈሉ። እ.ኤ.አ. በ2007 በታተመ አገር አቀፍ ጥናት ዕድሜያቸው ከ6 እስከ 12 ከሆኑ ልጆች 39.9 በመቶው እንቅርት ነበረባቸው። በአንገት ላይ የሚታየው እንቅርት ደግሞ ትንሹ ጉዳት ነው፤ ትልቁ በማኅፀን ውስጥ ባለው ልጅ አእምሮ ላይ የሚደርሰው ነው። በ2003 ዓ.ም. ጨውን በአዮዲን ማበልጸግ የሚያስገድደው ደንብ ቁጥር 204 ወጣ። እ.ኤ.አ. በ2011ዱ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት አዮዲን ያለው ጨው የተገኘባቸው ቤቶች 15 በመቶ ገደማ ነበሩ፤ በ2016 89 በመቶ።

እዚህም ቁጥሩን ማንበብ ይቻላል። ፒፒኤም ተብሎ የሚጻፈው በአንድ ኪሎ ውስጥ ያለው ሚሊ ግራም ነው፤ በሌላ አነጋገር በአንድ ግራም ጨው ውስጥ ያለው ማይክሮ ግራም። ለአዋቂ በቀን 150 ማይክሮ ግራም አዮዲን ይበቃል፤ ለነፍሰ ጡር 250። ወጥ ውስጥ ሲገባ 30 ፒፒኤም አዮዲን የቀረው ጨው አምስት ግራሙ 150 ይሰጣል፤ 15 ብቻ የቀረው ግማሹን። የቀረው ነው የምለው፤ ምክንያቱም አዮዲን ክዳን በሌለው ጣሳ ውስጥ፣ ምድጃ አጠገብ፣ እርጥበት ሲነካው ይጠፋል። ከረጢቱ ላይ የተጻፈው ፋብሪካው በር ላይ ያለውን ነው። ጨውን ወጡ ሊወርድ ሲል መጨመር የሚባለውም ለዚሁ ነው።

ሕጉስ? የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 አሳሳች ገላጭ ጽሑፍን ይከለክላል፤ የሚቆጣጠረውም የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 የስንዴ ዱቄት ፎሊክ አሲድን ጨምሮ በቫይታሚኖችና በማዕድናት፣ የምግብ ዘይትም በቫይታሚን ኤ እና ዲ እንዲበለጽጉ የሚያስገድዱ ደረጃዎች ጸደቁ። ቫይታሚን ኤ ብርሃን የሚፈራ ነገር ነው፤ በነጭ ፕላስቲክ ታሽጎ ፀሐይ ላይ የሚሸጥ ዘይት ላይ ያለው ጽሑፍ እንደ ጨዉ የመነሻ ቁጥር ነው። በዚያው ዓመት የኅብረተሰብ ጤና ኢንስቲትዩት አገራዊ የአመጋገብ መመሪያ አወጣ። መመሪያው በሚሊ ግራም ሳይሆን በምግብ ዓይነቶች መናገሩን እወድለታለሁ።

ደግሞ ባዶ እጃችንን አይደለንም። በስዊድን ድጋፍ የተጀመረው፣ ፋፋ የተባለውን የሕፃን ምግብ ያወጣልን የሥነ ምግብ ተቋም የኢትዮጵያን ምግቦች ይዘት ሠንጠረዥ የመጀመሪያ ክፍል እ.ኤ.አ. በ1968 አሳትሟል፤ ከዚያም በኋላ ተከታይ ክፍሎች ወጥተዋል። እንጀራው፣ ቆጮው፣ ሽሮው ተለክቶ ተጽፏል። የሚታየው ግን በተመራማሪ መደርደሪያ ላይ ነው። ለእኔ የሚታየኝ ጉድለት ይህ ነው፤ ከውጭ ለሚመጣው ብስኩት የተነባበረ ቁጥር አለን፣ ሰሐናችንን ለሚሞላው ምግብ ያለን ቁጥር ግን ሱቅ አልወረደም። ቺሊ እ.ኤ.አ. ከ2016 ጀምሮ ስኳር፣ ጨው ወይም የረጋ ስብ የበዛበት ዕቃ ፊት ላይ ስምንት ማዕዘን ጥቁር ምልክት አስለጥፋለች። ፊደል የማይቆጥር ያያታል፤ አፋን ኦሮሞም ይሁን አማርኛ የሚናገር እኩል ይገባዋል። እኛም ከመቶውን ከመተርጎም በፊት እንዲህ ያለ ምልክት ብንጀምር ይቀናናል ባይ ነኝ።

ሠንጠረዥ የሌለው፣ ግን ስሌት ያለው አንድ ምግብ በየወፍጮ ቤቱ አለ። ምጥን ይባላል፤ ስሙ ራሱ ከመመጠን ነው። እናት ለልጇ ከገብሱ፣ ከስንዴው፣ ከበቆሎው ሦስት እጅ፣ ከባቄላው ወይም ከሽምብራው አንድ እጅ ቆልታ ታመጣለች፤ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ የምትለው መጠንም ከዚህ አይርቅም። ላይሲኑ በባቄላው ይሞላል፣ መቆላቱና ልጣጩ መገፈፉ ለሆድ ያቀልለዋል። ጉደር ገበያ አጠገብ ያለ ወፍጮ ቤት ወረፋ ይዞ የቆመ ሰው ከረጢቶቹን ቢያያቸው፣ በከሰል ወይም በእስክሪብቶ የተጫረባቸው ጽሑፍ የባለቤቶቹ ስም ብቻ ነው።